ወደ ውስጥ የተባለ «አዎ»

«እማዬ፣ ፕሊዝ፣ የፓስፖርት ፎቶሽን ፊት አውልቂና ትንሽ ፈገግ በይላት» አለች ሶልያና በጆሮዋ። «እናቱ ለጆቢን ምን እንዳለችው ታውቂያለሽ? ‹እናቷ አልወደደችንም፤ ልጄን ወደማይፈለግበት ቤት አልድርም።› ዛሬ ካልተስማማች ሠርግ የለም።»

«ፊቴ ይኸው ነው፤ የት ልጣለው?» አለች አመለወርቅ።

በቀኟ የተቀመጠችው የጆቢን እናት ሳራማ ናት። ይህን የካሊፎርኒያ፣ የሳን ሆዜ ሲኒማ ቤት የሞላው ከሕንድ፣ ከኬረላ የመጣ ሰው ነው፤ ፊልሙንም የመረጠችው እሷው ናት። «እኛን ማወቅ ከፈለጉ በቋንቋችን፣ በማላያላም የተሠራ ፊልም ይዩ» ብላ ነበር በእንግሊዝኛ። «ጭፈራ እንዳይጠብቁ። ሰው ይበላል፣ በመሬት ይጣላል፣ ቤተ ክርስቲያን ይሄዳል።»

አዳራሹ በሳቅ ሲፈርስ አመለወርቅ ገና ከታች ያለውን ጽሑፍ እያነበበች ነው። ሳራማ ዘወር ብላ ታያታለች። በታየች ቁጥር ፊቷ ይብስ ይደርቃል።

ፊልሙ ውስጥ ጀልባ ቀዛፊው ሞተ። ሳጥኑን ተሸክመው በዝናብ፣ በሩዝ ማሳ መሃል መጡ። አመለወርቅ ዓይኗን ጉልበቷ ላይ ጣለች። ባሏ ኩምሳ ካረፈ ሦስት ዓመት ሆነው። በቀብሩ ዕለት እንኳ ሰው ፊት አላለቀሰችም።

ድንገት ከማታውቀው ቋንቋ መሃል አንድ ቃል ብድግ አለ። «ኩሪየላይሶን» ይላሉ ቄሱ። ኦክላንድ፣ የባሏ ሳጥን ፊት «ኪርያላይሶን» ሲባል የሰማችው ያው ቃል።

ሳራማ ጠጋ አለቻት። «ይህቺን ቃል እናንተም ትሏታላችሁ?»

«እህ» አለች አመለወርቅ ትንፋሿን ወደ ውስጥ ሳብ አድርጋ፣ አገሯ «አዎ» እንደሚባለው።

ሳራማ ሲቃ መሰላት። ደንግጣ እጇን አፈፍ አደረገች። «አይዞሽ፣ እህቴ! ለካ ፊትሽን ያደረቀው ሐዘን ነው። እኔ እኮ ጥላቻ መስሎኝ… በቃ፣ ልጆቹ ቀን ይቁረጡ።»

ሶልያና አንገቷን አሰገገች። «ኖ፣ አንቲ፣ እሷ ጀስት—»

አመለወርቅ በሌላ እጇ የልጇን ጉልበት ጫን አደረገችው። «አላለቀስኩም፤ አዎ ማለቴ ነው» ልትል አፏን ከፈተች። ወደ ውስጥ የሳበችው ትንፋሽ ግን ሲወጣ ብቻውን አልወጣም።