ባሴ!

አፀደ የመንትዮቿን የሽንት ጨርቅ ክምር ታቅፋ ቆማለች። ቤቱን ቀድመው ተከራይተው የነበሩ ፈረንጆች ትተውት የሄዱት የልብስ ማጠቢያ መኪና በተከፈተ ቁጥር ውሃው አልቆም እያለ ቤቷን ሲያጥለቀልቅ ከርሟል። ጎረቤቷ ጋሽ ዲሪባ የቀበሌውን ስብሰባ ረስተው፣ የውሃ ማስገቢያ ቫልቩን ሊቀይሩላት ከመኪናው ጀርባ ተጋድመዋል። ድንገት ከዚያው ሆነው «ባሴ!» ብለው ጮኹ።

አፀደ ክው አለች። «ኧረ በእመብርሃን! ደግሞ ባሰ?» ጨርቁን ጥላ ወደ መወልወያው ሮጠች። የጋሽ ዲሪባ ሚስት ዙቤዳ በሳቅ ፈረሰች። «አንቺ የመንዝ ልጅ፣ ምንም አልባሰም! በኦሮምኛ ‹አወጣሁት› ማለቱ ነው።» እውነትም ዝገት የበላው አሮጌ ቫልቭ በጋሽ ዲሪባ እጅ ከመኪናው ጀርባ ብቅ አለ።

አዲሱ ገባ፤ የሽንት ጨርቁ መኪናው ውስጥ ተጨመረ፤ ቧንቧው ተከፈተ። ውሃው ሞላ፣ ሞላና በራሱ ጊዜ ቀጥ አለ። ሦስቱም ወለሉ ላይ አፈጠጡ፤ ጠብ ያለ ነገር የለም። መኪናው ሲያጉረመርም ቆይቶ ጸጥ ሲል፣ አፀደ ክዳኑን ከፍታ የመጀመሪያውን ጨርቅ መዘዘች። በረዶ መስሏል። ከፍ አድርጋ ያዘችውና አሰላ ከገባች ወዲህ የመጀመሪያዋን ኦሮምኛ ተናገረች።

«ባሴ!»

«ደግሞ ምኑ ባሰብሽ?» አሉ ጋሽ ዲሪባ፣ ሳቃቸውን መቆጣጠር አቅቷቸው።