የሐምራዊው አበባ ብድር

ያን ዓመት ዝናቡ ሳይጥል ቀረ። ቧንቧው ነጥፎ ከረመ፣ የጓሮው መሬት ተሰነጣጠቀ። ሰው የሚጠጣውን እየሰፈረ ሲኖር ለአበባ የሚያዝን አልነበረም።

ጫማ ሰፊው ብቻውን ነበር የሚኖረው። በሩን የሚያንኳኩት ጎረቤቱ እትዬ ብቻ ነበሩ። ድሮ ከጓሯቸው ቁጥቋጦ፣ ከዚያ የወይራ ዘመድ ከሆነው ባለ ሐምራዊ አበባ፣ ሥሩ ላይ የበቀለ ችግኝ ነቅለው ሲሰጡት «ሲራባ አንዱን ትመልስልኛለህ» ብለውት ነበር። ከዚያ ወዲህ አበባው በፈነዳ ቁጥር እየመጡ «ብድሬስ?» ይሉታል።

«ገና አልበቀለም፣ እትዬ።»

«ያንተስ መካን ነው መሰለኝ» ይሉና ስቀው፣ ወንበር ስበው እስኪመሽ ያወሩታል። እሱ ግን ከሥሩ ብቅ ያለውን ችግኝ ሁሉ ቆዳ በሚቆርጥበት ቢላዋ እየቆረጠ ይጥል ነበር። ብድሩ ከተከፈለ ምን ብለው ይመጣሉ?

በዚያ ድርቅ መካከል አንድ ቀን ወንበሩን አውጥቶ ሲጠብቃቸው መጡ፤ ግን አልተቀመጡም።

«የእኔው ደረቀ» አሉት። ስለ ብድሩ አላነሱም።

«ገና» ሊል አፉን ከፈተና ተወው። የእቃ እጣቢ እያጠጣ ያቆየው ቁጥቋጦ ሥር፣ ከቢላዋው ያመለጠ አንድ ችግኝ ነበር። በእጁ ቆፍሮ አወጣው፤ ሥሩን በእርጥብ ጨርቅ ጠቅልሎ ሰጣቸው። እትዬ ግንዱን የከበቡትን የተቆረጡ የድሮ ችግኞች ጉቶ አንድ በአንድ አዩ።

«ብድር በምድር» አሉ ቀስ ብለው፤ ችግኙንም አቅፈው ሄዱ።

እሱም ወንበሩን መልሶ ከግድግዳው አስጠጋው።