«እሺ» የማይባልበት ግቢ

በኤምባሲ ግቢ ውስጥ የተሰማ ቃል ሁሉ መንግሥትን ያስገድዳል የሚለው ዓለም አቀፍ ሕግ ከወጣ ወዲህ፣ እኛ መሥሪያ ቤት «እሺ» አይባልም። የግድግዳው ጆሮ የምንለው መሣሪያ ሁሉንም ይመዘግባል። አምና የጎረቤት አገር ኤምባሲ ጸሐፊ ደውሎ ሾፌራችንን ጋሽ ድንበሩን ሲነዘንዛቸው፣ ለመገላገል ያህል «እሺ፣ እሺ» አሉት። ጦራችን አርባ ኪሎ ሜትር ወደ ኋላ ተመለሰ።

ሰሞኑን ደግሞ ውጥረቱ ብሷል። አምባሳደሯ ጠዋት ሰብስበው «አፋችሁን ጠብቁ» ብለውናል።

ዘጠኝ ሰዓት ላይ ልጄ ሶልያና ደወለች።

«አባዬ፣ ነገ ትምህርት ቤት ድራማ አለን። እኔ ዛፍ ነኝ። ትመጣለህ አይደል?»

ቀና ብዬ ግድግዳውን አየሁ። እሺ ብላት፣ ነገ መንግሥቴ በሙሉ ዛፍ ለማየት ሊገደድ ነው።

«የኔ ቆንጆ፣ ግብዣሽ በመልካም መንፈስ ደርሶናል» አልኳት። «በጥሞና እናየዋለን።»

«ከማን ጋር ነው የምታዩት?»

ዝም አልኩ። ዝምታ ገና አይመዘገብም።

«ባለፈውም እንደዚህ ብለህ ቀረህ።»

«ያነሳሽውን ስጋት እንረዳለን።»

ከዚያ ቀስ ብላ «እሺ» አለችና ስልኩን ዘጋችው።

የግድግዳው ጆሮ ጢጥ አለና ወረቀት አወጣ። «ሁለቱ ወገኖች ሙሉ በሙሉ ተስማምተዋል» ይላል። ዘንድሮ ኤምባሲያችን የደረሰበት ብቸኛው ስምምነት ስለሆነ፣ አምባሳደሯ ራሳቸው ቢሮዬ ድረስ መጥተው ጨበጡኝ።