የመላጣው ሰው ፀጉር

«ጎንና ጎኑን ቀነስ አድርጊልኝ፤ ከላይ ግን እንዳታሳጥሪብኝ» አሉ ጡረተኛው መምህር፣ ወንበሩ ላይ እየተደላደሉ።

ፀጉር ቤቱን ከአባቷ የወረሰችው ወጣት ማበጠሪያዋን እንደያዘች ዞር አለች። መምህሩ መላጣ ናቸው፤ ለምልክት የምትሆን አንዲት ፀጉር እንኳ አናታቸው ላይ የለችም። እንዲያም ሆኖ አባቷ በሕይወት ሳለ በየሳምንቱ እዚሁ ወንበር ላይ ይሰየሙ ነበር። አባቷ ፊቱን ኮስተር አድርጎ ባዶ አየር ሲከረክምላቸው ቤቱ በሳቅ ይሞላ ነበር።

አባቷ ራሱን ካጠፋ ወዲህ እዚህ ቤት የሳቀ የለም። ደንበኞቹ እንዳያስከፏት ብለው ቃላቸውን መጥነው ይገባሉ፣ አንገታቸውን ደፍተው ይወጣሉ። እሷም ብትስቅ የከዳችው እየመሰላት ጥርሷን ነክሳ ትሠራለች። አሟሟቱ ሰውየውን ከነቀልዱ ውጦት ቀረ።

አግዳሚው ላይ ተራ የሚጠብቀው ሾፌር መምህሩን ገላመጣቸው። እሳቸው ግን በመስታወቱ ውስጥ እሷን ብቻ ያያሉ። ዝም ካለቻቸው ቀልዱ ነውር ሆኖ መቅረቱ ነው።

ነጩን ጨርቅ አንገታቸው ላይ አሰረችላቸው። ከዚያ መሳቢያውን ከፍታ የአባቷን መቀስ አወጣች።

«ጋሼ፣ ምነው እንዲህ እስኪያድግ ዝም አሉት?»

«ከሱ በኋላ ማን ደፍሮ ይንካልኝ ብለሽ ነው፣ ልጄ።»

መቀሱ አየሩን ቀጭ ቀጭ ያደርገው ጀመር፤ ከግራ ጆሯቸው በላይ፣ ወደ ማጅራታቸው፣ ዞሮ ወደ ግንባራቸው። እንደ አባቷ ራቅ ብላ አንድ ዓይኗን ጨፍና አየች። አልጣማትም። ተመልሳ አንዷን የሌለች ፀጉር በጣቶቿ መሃል ይዛ ጫፏን ቆረጠች። ሾፌሩ አፉን በመዳፉ ቢይዝም አልቻለም፤ ሳቁ አመለጠው። እሷም ሆዷን ይዛ፣ እንባዋ እየወረደ ሳቀች። ለምን ጥሏት እንደሄደ ዛሬም አታውቅም። ይህ ቀልድ ግን የእሱ ነው፤ እጇ ላይ አለ፣ ደስ አላት።

«አባቴ ቢያይዎት አበላሸሻቸው ይለኝ ነበር» አለች።

ስሙ ከተነሳ በኋላ ማን ያቁመው። ሾፌሩ አንድ ጊዜ አባቷ ግማሽ ፂሙን ላጭቶ ምሳ ሊበላ እንደወጣበት አወራ። አንዱ ሲጨርስ ሌላው ይቀበላል፣ ሳቁ ደጅ ድረስ ይሰማል።

እሷም ጨርቁን ፈታች፤ በሩ ላይ ወጥታ አራገፈችው። ከዚያ መጥረጊያውን አንስታ፣ ምንም የሌለበትን ወለል ከወንበሩ ሥር ጀምራ መጥረግ ያዘች። መምህሩ እግራቸውን አነሱላት።