ማን ነው የሚያየው?

የቤታችንን ፊልምና ፎቶ ሰብስቦ ቴሌቪዥን ላይ የሚያሳየውን ሳጥን የገጠምኩት እኔው ነኝ። ምንም አይከብድም፦ ኬብሉን ትሰካላችሁ፣ ሃርድ ዲስኩን ታገናኛላችሁ፣ ከዚያ የእያንዳንዱን ሰው ፎቶ ታስገባላችሁ። ሲከፈት "ማን ነው የሚያየው?" ብሎ ፎቶዎቹን ይደረድራል፤ አባዬ፣ እማዬ፣ እህቴና እኔ።

"ሰባተኛ ክፍልን የደገመች ባለሙያ" አለች ታላቅ እህቴ ሶፋው ላይ ተጋድማ። "አንቺ የነካሽው መቼ ሠርቶ ያውቃል?"

"ምላስሽን ሰብስቢ፣ አጠፋሻለሁ።"

"እስኪ ሞክሪያ፣ ደፋር።"

ሪሞቱን አንስቼ ፎቶዋ ላይ ሄድኩ። "ይጥፋ?" ሲለኝ "አዎ" አልኩት። አንጀቴ ቅቤ ጠጣ።

ምሳ ሲደርስ እማዬ ሦስት ሰሃን ብቻ አቀረበች።

"የእኔስ?" አለች እህቴ። እማዬ ቀና ብላም አላየቻት። አባዬ ጃኬቱን አወለቀና እህቴ የተቀመጠችበት ወንበር ላይ፣ ትከሻዋ ላይ አንጠለጠለው።

"እማዬ፣ ለእህቴ እኮ አላቀረብሽም" አልኩ።

"ለየቷ እህትሽ? አንቺ አንድ ለእናትሽ አይደለሽ እንዴ?" ብላ ሳቀች።

ፎቶዋን ልመልስ ብድግ ብዬ ሪሞቱን ፈለግኩ። እህቴ እጅ ላይ ነበር። ጃኬቱን ከትከሻዋ ሳታወርድ ቴሌቪዥኑ ፊት ቆማለች፤ የእኔ ፎቶ ላይ ደርሳለች።

"እባክሽ፣ እታለም" አልኳት።

ተጫነችው።

እማዬ ያልጨረስኩትን ሰሃን ከፊቴ አነሳችና ወደ አባዬ ዞረች። "ለሁለት ሰው ይሄን ሁሉ ምን አስቀረበኝ?"