የንጋቱ አርሞኒካ

የባሏ የንጋቱ አርባ የወጣ ዕለት፣ ዘመድ ጎረቤቱ በልቶ ጠጥቶ ሲያበቃ፣ ጋሽ ሙላት የሟቹን አርሞኒካ ጠየቃት። እሱና ንጋቱ በአዋሽ ባቡር ጣቢያ ቡና ቤቶች ሲጫወቱ አብረው ያረጁ ናቸው። ንጋቱ አንዱን ስንኝ በድምፁ፣ ሌላውን በአርሞኒካው ሲያንጎራጉር መንገደኛው የመጣበትን ባቡር ይረሳ ነበር።

“አምጪው እንጂ እቴ፤ በገዛ ዜማው እንሸኘው” አላት።

“ይለፈኝ ጋሼ፤ እሱን እንኳ አትጠይቀኝ።”

ድንኳኑ ውስጥ “ለሟችም ይሰሰታል እንዴ?” የሚል ሹክሹክታ ከኋላዋ ሰማች። ይሉኝታ ያዛት። ገብታ ከትራሷ ሥር በመሐረብ የተጠቀለለውን አርሞኒካ አውጥታ ሰጠችው።

ጋሽ ሙላት ወደ ጓሮ ወጣ ብሎ ተመለሰና ተጫወተ። እንዴት አድርጎ ተጫወተ! ንጋቱን ከነነፍሱ ያመጣው መሰለ። ወንድ ሴት ሳይል ሁሉም ተንሰቀሰቀ፤ እሷም አለቀሰች።

ሲጨርስ በሁለት እጁ መለሰላት።

“ምራቁ ደርቆበት ድምፁን አፍኖት ነበር” አላት ዝቅ ብሎ። “ቧንቧው ሥር በሳሙና ጥርት አድርጌ አጠብኩልሽ።”

“እግዜር ያክብርልኝ ጋሼ” አለች።

ጓዳ ገብታ በሩን ዘጋች። ባሏ ከሞተ ወዲህ ሁልጊዜ እንደምታደርገው አርሞኒካውን ከከንፈሯ አስጠጋች። አንድም ቀን ነፍታበት አታውቅም። ውስጡ የቀረችው የንጋቱ ትንፋሽ እንዳትወጣባት፣ ወደ ራሷ ብቻ ነበር የምትስበው።

ሳበች።

ሳሙና ሳሙና አላት።