የጋዋኑ ቁልፍ

ትርንጎ በሆስፒታሉ የሕፃናት ክፍል የተቀጠረችው ፍርሃት ለመቀበል ነው። ነርሷ መርፌ ስታዘጋጅ፣ ትርንጎ ስስ ጓንት አጥልቃ የልጁን መዳፍ ትጨብጣለች። የልጁ ፍርሃት በጓንቱ አልፎ እሷ ውስጥ ይገባል፤ ገብቶም እዚያው ይቀራል።

ዛሬ ተራው የሰባት ዓመቷ የሶልያና ነበር። ልጅቷ ተወግታ ስታበቃ እየተፍለቀለቀች የትርንጎን ጋዋን አየች።

«እትዬ፣ ቁልፍዎ ወልቋል እኮ! ለምን አይተክሉትም?»

«ኪሴ ውስጥ ይዤው እዞራለሁ። መርፌ መያዝ እፈራለሁ።»

«ትልቅ ሰው መርፌ ይፈራል እንዴ?»

«ፍርሃቱ የኔ አይደለም፣ የኔ እናት። የናንተ ነው።»

ሶልያና ትንሽ አሰበች። ከዚያ አጠገቧ ጥልፍ ከምትጠልፈው እናቷ መርፌና ክር ተቀብላ፣ «ቁልፉን ያምጡት» አለች።

ትርንጎ ቁልፉን ሰጥታት ልትሸሽ ስትል ልጅቷ ጋዋኗን ጨምድዳ ያዘች። መርፌው ብልጭ ሲል የትርንጎ ፊት በላብ ተጠመቀ፤ ሳታስበው የሶልያናን እናት እጅ ጨበጠች።

«አይዞሽ የኔ ልጅ» አለች ሶልያና፣ ልክ ትርንጎ ለሁሉም እንደምትለው፤ «ወደ መስኮቱ እይ። አሁን ያልቃል።»